ስሞት ከ

በኅዳር ሚካኤል ማግስት ጧት፣ ቡሬ ከመናኸሪያው ጀርባ ባለችው ጠባብ ኮምፒውተር ቤት ውስጥ ሦስት ሰዎች ነበሩ። አንዱ የቤቱ ባለቤት ምስክር ነው። ሁለተኛው በስልኩ ዘፈን ሊያስጭን የመጣው የባጃጅ ነጂው እጅጉ ነው። ሦስተኛው በሽንዲ መንገድ በኩል ካለ ቀበሌ በእግሩ የመጣው ገበሬ ገደፋው ነው። ገደፋው ላፕቶፑን በነጠላ ጠቅልሎ እንደ ሕፃን ደረቱ ላይ አቅፎታል። በሌላው እጁ ከሳሙና የማትበልጥ ጥቁር ሳጥን ከነሽቦዋ አንጠልጥሏል።

«ምነው አያ ገደፋው፣ ከበዓሉ በፊት ሠርቼ የሰጠሁዎትን መልሰው አመጡት?» አለ ምስክር።

«ድዳ ሆነ።»

«ማን?»

«ይቺ» አለ ገደፋው፣ ሳጥኗን ጠረጴዛው ላይ እያስቀመጠ። «ኮምፒውተሩ እንዳልኸው ፈጥኗል። ይቺ ግን ብንጫናት፣ ብንጫናት አትመልስም።»

እጅጉ ከበርጩማው ሳይነሣ ሳቀ። «ፎርማት አድርጎት፣ ያለውን ሁሉ ጠርጎት ነው። እሱ ዘንድ የገባ ነገር ፎርማት ሳይሆን አይወጣም። እኔ ባጃጄን እንኳ ከበሩ ራቅ አድርጌ ነው የማቆም።»

«አንተ ዘፈንህን ተቀበልና ውጣ» አለው ምስክር።

ላፕቶፑን ከፍቶ ሳጥኗን በሽቦዋ አገናኛት። ፕሮግራሙን አስነሣው። ስክሪኑ ላይ ሁለት መሥመር እንግሊዝኛ ወጣ። ምስክር አንዴ አነበበው፣ ደግሞ አነበበው፤ ከዚያ እጁን ከኮምፒውተሩ ላይ አነሣ።

«ላይብረሪው የለም» አለ።

ገደፋው እንዲያስረዳው ጠበቀ።

«ፕሮግራሙ አለ። ድምፆቹም አሉ፤ ዲ በሚባለው የኮምፒውተሩ ክፍል ስለነበሩ አልነካኋቸውም። ሳጥኗም ደኅና ናት። የጠፋው በሁለቱ መካከል ሆኖ የሚያስማማቸው ነው። ሲ ላይ ነበር የተቀመጠ። ላይብረሪ ይሉታል። እሱ ከሌለ ኮምፒውተሩ የሳጥኗን ቋንቋ አይሰማም።»

«እንደ አስተርጓሚ ነው?»

«እንደ አስተርጓሚ ነው።»

ገደፋው አስተርጓሚ ምን እንደሆነ ያውቃል። ሚስቱን ሲሳይነሽን ከጥሊሊ ለማምጣት ሽማግሌ የላከ ጊዜ አያቷ ከአገውኛ በቀር አይሰሙም ነበርና አንድ ሰው በመካከል ቆሞ ቃል ሲያመላልስ ውሏል። ያ ሰው ባይኖር ዛሬ ትዳሩም ልጆቹም አይኖሩም ነበር።

«ከየት ይገኛል?»

«ከሠራው ሰው ነው እንጂ ከሌላ አይገኝም። ሳጥኗ የፋብሪካ አይደለችም፤ ለአንድ ሰው ተብላ የተሠራች ናት። ማነው የሠራት?»

«ልጄ ነው። አስናቀው።»

እጅጉ የስልኩን ዘፈን አጠፋ። በክረምቱ መኪና ተገልብጦ የሞተውን አስናቀውን ቡሬ ውስጥ የማያውቅ አልነበረም። ምስክር ሳጥኗን እያገላበጠ ቀስ ብሎ «እንግዲህ ላይብረሪውን ካገኙት ይዘውልኝ ይምጡ። ወዲያው ነው የማስገባው» አለ። ሌላ የሚለው ቢያጣ ነው እንጂ ይገኛል ብሎ አልነበረም።

ገደፋው ግን ተስፋ ይዞ ወጣ። ላይብረሪ የሚባለውን ቃል ከልጁ አፍ ስንት ጊዜ ሰምቶታል። አስናቀው ፍኖተ ሰላም ሲማር ቅዳሜ ቅዳሜ እየዘገየ ይመጣና «የት ቆየህ?» ሲባል «ላይብረሪ ነበርሁ» ይል ነበር።

ነገሩ ገደፋውን እንዲህ ያስጨነቀው ያለ ምክንያት አልነበረም።

ሲሳይነሽን ሕመሙ የጀመራት በቀኝ አውራ ጣቷ ነው። ጣቷ ብቻዋን ትንቀጠቀጥ ጀመር። እየቆየ እጇን ያዘ፣ ከዚያ እግሯን፣ በመጨረሻ ምላሷን። ሐኪም ዘንድ ተኬደ፤ ጠበልም ገባች። ልቧ ግን እንደ ድሮው ነው። ሰው ሲያወራ ትሰማለች፣ ነገሩም ይገባታል፤ መመለስ ነው የማይሆንላት። የዐይኗ ቆብ እንኳ እየከበዳት በጥቅሻ መነጋገር አልቻለችም።

አስናቀው ባሕር ዳር በኤሌክትሪክ ሙያ ተቀጥሮ ሲሠራ ሳጥኗን በገዛ እጁ ሠራላት። በሳጥኗ ፊት ላይ ያለችው መጫኛ ከእናቱ አውራ ጣት ሥር ትገባለች። ኮምፒውተሩ በአስናቀው ድምፅ ፊደል ይጠራል፤ «ሀ… ለ… ሐ… መ…» እያለ። የፈለገችው ፊደል ላይ ሲደርስ ትጫናለች። ያኔ ወደዚያ ቤት ይገባና «መ… ሙ… ሚ…» ብሎ ይዘረዝራል፤ ደግማ ትጫናለች። ሲሳይነሽ በልጅነቷ በመሠረተ ትምህርት ጊዜ ፊደል ቆጥራ ስለነበር አላስቸገራትም። መጀመሪያ የጻፈችው «በሬው ውኃ ጠጣ?» የሚል ነበር። ገደፋው ሮጦ በሬውን አጠጥቶ መጣ፤ ሲመለስ ሁሉም ይስቁ ነበር።

መንቀጥቀጡ ሲብስባት አስናቀው ለፋሲካ መጣና በዓሉን ሙሉ ከእናቱ እግር ሥር ተቀምጦ ጣቷን ሲያይ ሰነበተ። ጣቷ በራሷ ስትንቀጠቀጥ እንዴት እንደምትንቀጠቀጥ፣ እናቱ ፈልጋ ስትጫን ደግሞ እንዴት እንደሆነ፣ ሁለቱን ለይቶ አጠናው። ከዚያ ኮምፒውተሩ ላይ ሠርቶ ሲጨርስ «አሁን እማ፣ ጣትሽ በራሷ ስትንቀጠቀጥ ኮምፒውተሩ አይሰማትም። አንችን ብቻ ነው የሚሰማ» አላት።

በክረምቱ ሞተ። ከቤታቸው በላይ ባለው ሚካኤል ተቀበረ።

ሲሳይነሽ ከዚያ ወዲያ አልተጫነችም። ሴት ልጇ መታሰቢያ ጧት ጧት ሳጥኗን ከጣቷ ሥር ታደርግላታለች። ኮምፒውተሩ በሟቹ ድምፅ ከሀ እስከ ፐ ይጠራል፣ ደግሞ ከሀ ይጀምራል። እናትየው ታዳምጣለች እንጂ አትጫንም። መታሰቢያ አልቅሳ ታጠፋዋለች።

ኅዳር ሲገባ አንድ ጧት ተጫነች። መታሰቢያ የያዘችውን ጣባ አስቀምጣ ከአጠገቧ ተንበረከከች። «ስሞት» ተጻፈ። ገደፋውም ከደጅ ተጠርቶ መጣ። ቀጥላ «ከ»ን ጻፈች። በዚያው ኮምፒውተሩ ደርቆ ቀረ። ቢያጠፉት፣ ቢያበሩት አልነሣም አለ። ገደፋው ወደ ቡሬ ይዞት የሄደው ያኔ ነው።

ምን ልትል እንደነበር ቤቱ ሁሉ በየልቡ ሲፈታው ሰነበተ። እናትና አባቷ በጥሊሊ በአገሯ ጊዮርጊስ ነው ያረፉት፤ ልጇ እዚህ ሚካኤል ነው። «ስሞት ከልጄ ጎን» ልትል ይሆናል። «ከእናቴ ጎን» ልትልም ይሆናል። «ከዚህ አታቆዩኝ» ልትልስ? ሁሉም በከ ይጀምራል። ያቺን የቀረችውን ቃል ሳትናገር ብትሞት ገደፋው ሬሳዋን ይዞ ወዴት እንደሚሄድ አያውቅም።

ስለዚህ ከምስክር ዘንድ በተመለሰ በማግስቱ ፍኖተ ሰላም ሄደ። ከመናኸሪያው ወርዶ የጋሪ ነጂ ጠየቀ፤ ቤተ መጻሕፍቱን አሳየው። ከመግቢያው ጠረጴዛ ኋላ የተቀመጠችው ሴት ህይወት ትባላለች።

«ምን ልርዳዎት አባቴ?» አለችው።

«የልጄን ላይብረሪ ልወስድ ነው የመጣሁ።»

«ተውሶ ያልመለሰው መጽሐፍ አለ?»

«መጽሐፍ አይደለም። ላይብረሪውን ነው። ከሲ ላይ ጠፋብን፤ ምናልባት እዚህ ትቶት ይሆናል ብዬ ነው።»

«ላይብረሪውማ ይኼው ነው» አለች፣ በእጇ መደርደሪያዎቹን እያሳየች።

ገደፋው ዞሮ መጽሐፎቹን ከዳር እስከ ዳር አየ።

«ሁሉንስ አልችለውም» አለ። «የልጄን ብቻ ስጭኝ።»

በሩ አጠገብ የሚያነቡ ተማሪዎች ሳቁ። ህይወት አልሳቀችም። ወንበር ስባ አስቀመጠችውና ነገሩን ከመጀመሪያው እንዲነግራት ጠየቀችው። እሱም ነገራት። ሲጨርስ፣ ምስክር ላይብረሪ ያለው ቤት እንዳልሆነ፣ ኮምፒውተር ውስጥ የሚቀመጥ ፋይል እንደሆነ፣ ስሙ ብቻ አንድ እንደሆነ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ አስረዳችው።

ገደፋው ፊቱን በነጠላው ጫፍ ጠረገ። «እንግዲያ በከንቱ ነው የመጣሁ» አለና ሊነሣ ሲል እጁን ያዘችው።

«አስናቀው ነው ያሉኝ? ረጅሙ፣ ሲያነብ ጫማውን የሚያወልቀው?»

«ያወልቃል» አለ ገደፋው። «ቤትም ያወልቃል።»

«ኮሌጅ ከገባ፣ ሥራም ከያዘ በኋላ ለእረፍት ሲመጣ እዚያ ጥጉ ላይ ባለው ኮምፒውተር ይሠራ ነበር። ሳጥን የመሰለች ነገር ይዞ መጥቶ መብራቷን ሲያበራና ሲያጠፋ አይቻለሁ። ምንድን ናት ብዬ ብጠይቀው ‹የእናቴ አፍ› አለኝ።»

ገደፋው መልሶ ተቀመጠ።

ኮምፒውተሩ ከጥቅም ውጭ ሆኖ ዕቃ ቤት ተጥሎ ነበር። ህይወት አቧራውን አራግፋ የሌላ ኮምፒውተር ስክሪን ገጠመችለት። ብዙ ቆይቶ፣ እየጮኸ ተነሣ። ውስጡ ከተማሪ ወረቀቶች መካከል «እማ» የሚል ፎልደር ነበር። ህይወት ምኑ ምን እንደሆነ ለይታ ስለማታውቅ ሁሉንም በፍላሽ ገልብጣ ሰጠችው። ገደፋው ፍላሹን በነጠላው ጫፍ ቋጠረው። ሲሰናበታት ጎንበስ ብሎ እጇን ሊስም ፈለገ፤ እሷ ግን ቀድማ የእሱን ሳመች።

ቡሬ ሲደርስ ምስክር ሊዘጋ ነበር። ፍላሹን ሰክቶ ፈለገ።

«ይኼው» አለ። «ስሙ ራሱ ነው። ራሱ ነው አያ ገደፋው።»

ገልብጦ ቦታው ላይ አስገባው። ፕሮግራሙን ሲያስነሣው ሳጥኗ ላይ አረንጓዴ መብራት በራች። «ሀ… ለ…» አለ የአስናቀው ድምፅ። ምስክር ለ ላይ ሁለቴ ተጫነ፤ ለ ተጻፈ። ገደፋውም በሻካራ ጣቱ ተጫነ፤ ለእሱም ተጻፈለት። የጻፈው ምን እንደሆነ እንኳ አላየም።

እጅጉ ከበሩ ላይ ቆሞ «እሳቸው ላይብረሪ ድረስ ሄደው ላይብረሪ ያመጣሉ፤ አንተ እዚህ ቁጭ ብለህ ታጠፋለህ» አለው ለምስክር። ከዚያ ለገደፋው «ይነሡ፣ እኔ ነኝ የማደርስዎ» አለ። ምስክር አልተናደደም፤ እሱም ይስቅ ነበር። ገደፋው በባጃጁ መንገዱን ሁሉ ላፕቶፑን አቅፎ ሲሄድ በልቡ ቃላት ይገጥም ነበር። ከልጄ። ከእናቴ። የትኛውም ይሁን። የትኛውንም ብትል ያደርገዋል፤ ብቻ ትበለው።

መታሰቢያ እናቷን ደግፋ አስቀመጠቻት። ከጀርባዋ ትራስ ደረደረችላት። ገደፋው ሳጥኗን ከአውራ ጣቷ ሥር አደረገ።

«ሲሳይ» አላት። «ተገኝቷል። ልጅሽ ፍኖተ ሰላም አስቀምጦት ነበር። ያቋረጥሽውን ጨርሽው፤ አይዞሽ፣ ቀስ ብለሽ።»

ኮምፒውተሩ ጀመረ።

«ሀ» አለ።

ጣቷ ተንቀጠቀጠች። ኮምፒውተሩ ተቀበለና ሀን ጻፈ። ደግሞ «ሀ» አለ፤ ጣቷ ተንቀጠቀጠች፤ ጻፈ። ከሀ አልፎ ወደ ለ ሊሄድ አልቻለም። «ሀ። ሀ። ሀ። ሀ። ሀ።» እያለ በአስናቀው ድምፅ ቤቱን ሞላው። ስክሪኑ ከጥግ እስከ ጥግ ሀ ሆነ። አስናቀው እልፍኝ ተቀምጦ የሚስቅ ይመስል ነበር።

«አባ፣ ያጥፉት» አለች መታሰቢያ።

ገደፋው የት እንደሚጠፋ ጠፋበት። እሷ ራሷ መጥታ ሽቦውን ነቀለችው። ሲሳይነሽ ዐይኗን እንደከደነች ናት። ከከደነችው ዐይኗ እንባ ወርዶ ጆሮዋ ውስጥ ገባ፤ መታሰቢያ በሻሿ ጫፍ ጠረገችላት።

ገደፋው ወደ ደጅ ወጥቶ ለምስክር ደወለ። የሆነውንም፣ አስናቀው መንቀጥቀጡን እንዴት እንደለየም ነገረው።

«መንቀጥቀጡን ለይቶ ነበር ያሉኝ በፋሲካ ነው?»

«በፋሲካ ነው።»

«ፍኖተ ሰላም የተገኘው ከዚያ በፊት የሠራው ነው። እጃቸው ገና ደኅና ሳለ የነበረው።»

«እንግዲያ አስተካክለው።»

«የተዘጋ ነገር ነው አያ ገደፋው። ገብቼ ልጽፍበት አልችልም። ልጅዎ ሲሠራው የጻፈው ዋናው ጽሑፍ ቢገኝ ኖሮ… ያም ቢሆን እናቱን ቁጭ ብሎ ያየ ልጅዎ ነው። በፋሲካ የሠራው ሲ ላይ የነበረው ብቻ ነው።»

«አሁን የት ነው ያለ?»

«የለም» አለ ምስክር። «እኔ አጠፋሁት።»

ገደፋው ምስክርን ሊቆጣው ፈልጎ ነበር፤ ግን ኮምፒውተሩን ተሸክሞ የሄደው፣ «የቻልኸውን አድርግ፣ ብቻ ይፍጠን» ያለው እሱ ራሱ ነው። «በል ደኅና እደር» አለውና ዘጋው።

ከዚያ በኋላ ያለ ኮምፒውተር ሞከሩ። ገደፋው አጠገቧ ተቀምጦ እጇን በእጁ ላይ አስቀመጠና «ከልጃችን ጎን ከሆነ ጣትሽን አንቀሳቅሽ» አላት። ጣቷ ተንቀሳቀሰች። ለማረጋገጥ ብሎ «ከእናትሽ ጎን ከሆነስ?» አለ። ያው ተንቀሳቀሰች። «ሁለቱም ካልሆነ» አለ፤ ተንቀሳቀሰች። ምንም ሳይጠይቃት ዝም አለ፤ ጣቷ መዳፉ ላይ እንደ ታሰረች ወፍ መንቀጥቀጧን አላቆመችም።

አንድ ቀን መታሰቢያ ሌላ ዘዴ አመጣች። «ጣቷን አጥብቀው ይያዙት፤ እንዳይንቀጠቀጥ። መጫን ስትፈልግ ኃይል ይሰማዎታል፤ ያኔ ይልቀቁላት» አለችው። ገደፋው የሚስቱን አውራ ጣት በጭብጡ ይዞ ተቀመጠ። ኮምፒውተሩ ፊደል መጥራት ጀመረ። በእርግጥም ሀን አለፈ፣ ለን አለፈ። ከ ላይ ሲደርስ ገደፋው ኃይል የተሰማው መሰለው፤ ለቀቀላት፤ ደግሞ ሲጠራ እንደገና ለቀቀላት። ከ ተጻፈ። መታሰቢያ አፏን በእጇ ያዘች።

እንደገና ከሀ ተጀመረ። ሀ ላይ ያዘ። ለ ሲጠራ የተሰማው መሰለውና ለቀቀ። «ለ… ሉ… ሊ… ላ…» አለ አስናቀው። ል ሲደርስ ለቀቀ። ስክሪኑ ላይ «ከል» ተጻፈ።

«ከልጄ» አለች መታሰቢያ። «ከልጄ ልትል ነው፤ አባ፣ ከልጄ ነው።»

ገደፋው የሚስቱን ፊት አየ። ፊቷ ላይ ምንም አልነበረም። ከዚያ የራሱን እጅ አየ። ገና ሳይጀመር ልቡ «ከልጄ» ባለች ብሎ ሲመኝ እንደነበረ ያውቃል። እዚህ ቅርብ፣ እየሄደ ሊያያት በሚችልበት። ል ሲጠራ ጣቱን የፈታው የእሷ ኃይል ይሁን የእሱ ምኞት ሊለየው አልቻለም። መለየት የሚችል አንድ ነገር ነበረ፤ እሱ ጠፍቷል።

«እሷ አይደለችም» አለ። «እኔ ነኝ የምናገር።»

«አባ፣ ትንሽ ብቻ እንቀጥል።»

«በአፏ አልናገርባትም» አለና ጣቷን ለቀቀ። ወዲያው «ሀ። ሀ። ሀ።» የሚለው ተነሣ። መታሰቢያ ነቀለችው። ሳጥኗን ጠቅልላ ቁም ሳጥን ውስጥ አስቀመጠቻት። ከዚያ በኋላ ያወጣት የለም።

ምስክር በጥምቀት ሰሞን ሊጠይቃቸው መጣ። ብርቱካን ይዞ ነበር። በሩ አጠገብ ተቀመጠ እንጂ ወደ ሲሳይነሽ አልቀረበም። ጠላ ቀረበለት፤ አንዴ ቀምሶ አስቀመጠው። ሊሄድ ሲነሣ ገደፋው እስከ አጥሩ ሸኘው። ምስክር አንድ ነገር ሊል አፉን ከፍቶ ነበር።

«በል መንገድ እንዳይመሽብህ» አለው ገደፋው።

ሲሳይነሽ በመጋቢት መጀመሪያ አረፈች። ወንድሞቿ ከጥሊሊ መጥተው ወደ አገሯ ጊዮርጊስ እንውሰዳት አሉ። የሚካኤል ካህናት ደግሞ ልጇ ካለበት ትቀበር አሉ። ክርክሩ ሲበረታ ታላቅ ወንድሟ ገደፋውን «እሷ ምን አለች?» ብሎ ጠየቀው።

«‹ስሞት ከ› አለች» አለ ገደፋው።

«ከምን?»

ወንድሟ ጠብቆ ጠብቆ ተወው።

ቀኑ እየመሸ ስለሄደና መንገዱ አስተማማኝ ስላልነበረ እዚያው ሚካኤል እንድትቀበር ተስማሙ። ከልጇ አጠገብ ቦታ ስላልነበረ በስተምዕራብ፣ ከአጥሩ ሥር ተቀበረች።